«መዝገቡ ተዘግቷል» ከመባሉ በፊት፦ ስለቀሩ ከሳሾች ለፍርድ ቤቶች የተጻፈ ግልጽ ደብዳቤ

ለፌዴራልና ለክልል ፍርድ ቤቶች አመራሮች፣ ዳኞችና ሬጅስትራሮች
ግልባጭ፦ ክስ መሥርታችሁ ቀጠሮ ለምትጠባበቁ ሁሉ

የተከበራችሁ፣

ከፍትሐ ብሔር ችሎቶች ከሚወጡት ትእዛዞች ሁሉ እንደዚህኛው አጭር የለም፦ «ከሳሽ ተጠርቶ አልቀረበም። ተከሳሽ ቀርቧል። መዝገቡ ተዘግቷል፤ ወደ መዝገብ ቤት ይመለስ።» ተጽፎ ለማለቅ ሁለት ደቂቃ አይፈጅም፤ ወዲያው ቀጣዩ መዝገብ ይጠራል። ከሳሹ ግን የጠየቀውን መብት፣ ውልም ይሁን ውርስ፣ ደመወዝም ይሁን ካሳ፣ ፍሬ ነገሩ ሳይታይ ሊያጣው ተቃርቧል። ብዙ ጊዜም ይህን አያውቅም።

በፍትሐ ብሔር ጉዳዮች ጥብቅና የምሠራ ሰው ነኝ። ወደ ቢሮዬ ከሚመጡት ባለጉዳዮች ጥቂት የማይባሉት አዲስ ክስ ሳይሆን የተዘጋ መዝገብ ቁጥር ይዘው ይመጣሉ። ይህን ደብዳቤ የምጽፈው አንድን ችሎት ወይም አንድን ዳኛ ለመክሰስ አይደለም። በየደረጃው ልማድ ሆኖ የተቀመጠ አሠራር እንዲስተካከል ለመጠየቅ ነው፤ ለማስተካከል ደግሞ አዲስ አዋጅ አያስፈልግም።

አስቀድሜ የማምነውን ልመን። ክሱን የተወ ከሳሽ መዝገቡ ሊዘጋበት ይገባል። ተከሳሽ የሆነ ሰው ሥራውን ፈትቶ፣ ጠበቃ ቀጥሮ፣ ምስክር ለምኖ ሲመላለስ ከሳሹ ሲመቸው ብቅ፣ ሳይመቸው ጥፍት እያለ ሊያንከራትተው መብት የለውም። የዳኞችም ጊዜ የሕዝብ ጊዜ ነው። የ1958 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ከአንቀጽ 69 ጀምሮ ስለ ተከራካሪዎች አለመቅረብ የደነገገው ይህንኑ አስቦ ነው። አብዛኛው ክፍሉ ከሕንድ የተቀዳ ነው ተብሎ ሕጉ ቢታማም በዚህ ጉዳይ ላይ የከፋ ሕግ አይደለም። የሚያስቸግረው ሕጉ ዝም ባለበት ቦታ እኛ የሞላነው ነገር ነው።

ነገሩን ለማያውቅ አንባቢ ሁለቱን አንቀጾች ጎን ለጎን ላስቀምጥ። ክሱ እንዲሰማ በተቀጠረበት ቀን ከሳሽም ተከሳሽም ካልቀረቡ ፍርድ ቤቱ በአንቀጽ 69 መሠረት መዝገቡን ይዘጋል፤ ከሳሹ ግን ይርጋ፣ ማለትም ክስ የሚቀርብበት የጊዜ ገደብ፣ እስካልያዘው ድረስ ክሱን እንደገና ማቅረብ ይችላል። ተከሳሽ ቀርቦ ከሳሽ ብቻ ከቀረ ነገሩ አንቀጽ 73 ውስጥ ይገባል። ተከሳሹ ያመነው ነገር ካለ ባመነው መጠን ይፈረድበታል፤ የካደው ክስ ግን ይሰናበታል። ከዚያ በኋላ አንቀጽ 74 በሩን ይዘጋል፤ በዚያው ጉዳይ አዲስ ክስ ማቅረብ አይቻልም። የቀረችው አንዲት መስኮት፣ በአንድ ወር ውስጥ በቂ ምክንያት አቅርቦ መዝገቡ እንዲከፈት ማመልከት ናት።

እስቲ አስቡት። በሁለቱም ጊዜ ከሳሹ ያደረገው አንድ ነገር ነው፤ ቀርቷል። በአንደኛው ነገ ሄዶ ይከስሳል፤ በሌላኛው መብቱ አልቆለታል። ልዩነቱን የፈጠረው ተከሳሹ በዚያ ጠዋት በኮሪደሩ ላይ ቆሞ መገኘቱ ነው። ለልዩነቱ ምክንያት የለውም አልልም፤ የመጣው ሰው በከንቱ መመላለስ የለበትም። ግን እንዲህ ያለ ክብደት ያለው ውጤት የሚያስከትለው ትእዛዝ የተሰጠው በየትኛው አንቀጽ እንደሆነ እንኳ ሳይጠቀስ ሲቀር፣ «መዝገቡ ተዘግቷል» ብቻ ተብሎ ሲታለፍ፣ ባለጉዳዩ የቱ በር እንደተዘጋበት በምን ይወቅ? አንቀጽ ያልተጠቀሰባቸው የመዝጊያ ትእዛዞች ሲገጥሙኝ ተከሳሹ በዕለቱ መቅረብ አለመቅረቡን ከመዝገቡ ላይ በእጅ ጽሑፍ ከሰፈረች አንዲት መስመር ፈልጌ ለማወቅ እገደዳለሁ። እኔ የሕግ ሰው ሆኜ ነው ይህ የሚሆንብኝ።

አሁን ወደ ዋናው ጉዳዬ ልምጣ፤ ስለዚያች አንድ ወር ነው። በሌለበት የተፈረደበት ተከሳሽ ፍርዱ እንዲነሳለት የሚያመለክትበት አንድ ወር መቆጠር የሚጀምረው ፍርዱ መሰጠቱን ካወቀበት ቀን እንደሆነ አንቀጽ 78 ይናገራል። የከሳሹ አንድ ወር ግን በአንቀጽ 74 መሠረት የሚቆጠረው መዝገቡ ከተዘጋበት ቀን ነው። ሕግ አውጪው ለምን እንዲህ እንዳደረገ መገመት አይከብድም። ተከሳሽ ከነጭራሹ መከሰሱን ላያውቅ ይችላል፤ ከሳሽ ግን ነገሩን የጀመረው እሱ ነው፣ ቀጠሮውን ያውቃል፣ ካልቀረበ የቀረው እያወቀ ነው። ስሌቱ ሁሉ በዚህ ግምት ላይ ይቆማል፦ ከሳሹ ቀጠሮውን ያውቃል።

ያውቃልን?

ጠዋት በማንኛውም የፍትሐ ብሔር ችሎት በር ላይ ቆሞ የሚያይ ሰው መልሱን ያገኘዋል። የዕለቱ መዝገቦች ዝርዝር በሩ ላይ ተለጥፏል፤ ሰዎች በጣታቸው እየተከተሉ ስማቸውን ይፈልጋሉ። ማንበብ የማይችሉት አጠገባቸው ያለውን ይለምናሉ። «ዳኛዋ ተዛውራለች፤ መዝገቡ ወደ ሌላ ችሎት ሄዷል» የሚባል አለ። የትኛው ችሎት? «ሬጅስትራር ጠይቁ።» ሬጅስትራር ሰልፍ አለ። ሰልፉን ጨርሶ ሦስተኛ ፎቅ ሲደርስ ተጠርቶ አልፏል። ችሎት ባልተሰየመበት ቀን ቀጠሮ በጽሕፈት ቤት በኩል ይለወጣል፤ አዲሱ ቀን በብጣሽ ወረቀት ይሰጣል ወይም በቃል ይነገራል። ክረምት ደግሞ የራሱ ጣጣ አለው፤ ከነሐሴ ጀምሮ ፍርድ ቤቶች ለእረፍት ሲዘጉ ከዚያ በፊትና በኋላ ያሉ ቀጠሮዎች ይገፋሉ፤ ከገጠር የመጣ ሰው ጥቅምት ነው የተባለውን ኅዳር ብሎ ይሄዳል። ስም ሲጠራም ድምፅ ከኮሪደሩ ጫጫታ ጋር ይታገላል። ጆሮአቸው የከበደ አንዲት እናት በር ሥር በተቀመጡበት መዝገባቸው ሲዘጋ አይቻለሁ፤ የተጠራው የአባታቸው ስም ተለውጦ ስለነበር እኔ ብሆንም አልነሳም ነበር።

እነዚህ ሰዎች ክሳቸውን ትተዋልን? በአገራችን ሰው ክስ በቀላሉ አይተውም። «በሕግ አምላክ» ሲባል እንኳን ሰው ወራጅ ውኃ ይቆማል ብሎ ያደገ ሕዝብ ነው፤ ለአንድ ክንድ መሬት ከአባት ወደ ልጅ ክርክር የሚያወርስ ነው። ይህ ሰው የዳኝነት ክፍያ ከፍሎ፣ ማስረጃውን አያይዞ፣ ድንገት በአንድ ጠዋት መብቱን ጣለ ብሎ መገመት ከእውነታው ጋር አይሄድም። ሕጉ ቀረ ያለውን ሰው እኛ ተወ ብለን እናነበዋለን።

በሕጉ ውስጥ ሌላም የሚዘነጋ ነገር አለ። ከአንቀጽ 69 እስከ 73 ያሉት ድንጋጌዎች የሚናገሩት ክሱ እንዲሰማ ስለተቀጠረበት ቀን ነው። መዝገብ ግን በብዙ ምክንያት ይቀጠራል፤ የመጥሪያ ማድረሻ ለመጠባበቅ፣ ከመሬት አስተዳደር ለተጠየቀ ማጣሪያ፣ የባለሙያ አስተያየት እስኪመጣ፣ ለብይን፣ ለፍርድ። ለብይን በተቀጠረ መዝገብ ላይ ከሳሽ ባለመቅረቡ ምን የሚሰማ ነገር ይቀራል? ብይኑ ተነብቦ መዝገቡ ይቀጥላል እንጂ ለምን ይዘጋል? የመሥሪያ ቤት ምላሽ ለመጠባበቅ በተያዘ ቀጠሮ ከሳሽ ሲቀር የሚዘጉ መዝገቦች ያጋጥሙናል። በይግባኝ የሚታረሙ አሉ። የማይታረሙት የሚበዙ ይመስለኛል፤ ይግባኝ ገንዘብና ጠበቃ ይፈልጋልና።

ስለ መጥሪያም አንድ ነገር ልበል። አንቀጽ 70 ከሳሹ በራሱ ጥፋት መጥሪያ ሳያደርስ ከቀረ መዝገቡ እንደሚዘጋ ይደነግጋል። «በራሱ ጥፋት» የሚለው ቃል ተጽፎ የተቀመጠው በምክንያት ነው። አዲስ አበባ ውስጥ በኮሪደር ልማትና በመልሶ ማልማት ሰፈሮች ተነሥተዋል። በክሱ ላይ የተጻፈው ወረዳ ቢኖርም የቤት ቁጥሩ ዛሬ የለም፤ ነዋሪው ወደ ሌላ ክፍለ ከተማ ሄዷል፤ ጎረቤቱም ሄዷል። ከሳሽ መጥሪያውን ይዞ ሲንከራተት ከርሞ «አላደረሰም» ተብሎ መዝገቡ ይዘጋበታል። በአንቀጽ 105 መሠረት በጋዜጣ ጥሪ ማድረግ እንደሚቻል የሚነግረው ሰው ካገኘ እድለኛ ነው። ያን የሚናገረው ደግሞ ትእዛዙን ከሚጽፈው ችሎት የተሻለ ማን አለ? በአንቀጽ 70 የተዘጋ መዝገብ እንደገና ሊከፈት ወይም ክሱ እንደ አዲስ ሊቀርብ ይችላል፤ ስለዚህ ጉዳቱ ቀላል ይመስላል። ቀላል የሚሆነው ይርጋ ለሌለበት ሰው ነው። ከውል ውጭ ለደረሰ ጉዳት ካሳ የሚጠየቀው በሁለት ዓመት ውስጥ መሆኑን የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2143 ይናገራል። ወደ ሥራ ልመለስ የሚል ሠራተኛ ያለው ጊዜ ሦስት ወር ብቻ ነው። በመኪና ተገጭቶ እግሩ የተሰበረ ሰው ሆስፒታል ተኝቶ አንዱን ዓመት ይጨርሳል፤ ሲከስስ ሁለተኛው ይጋመሳል፤ መጥሪያ ሲያሳድድ መዝገቡ ይዘጋል፤ አዲስ ክስ ይዞ ሲመጣ የተከሳሹ ጠበቃ የመጀመሪያ መቃወሚያው ይርጋ ነው። የቀድሞው ክስ ይርጋውን አቋርጧል አላቋረጠም የሚለው ክርክር ይከተላል። እግሩን ማንም አያነሳም።

በሌላው ወገን ያለውን ሐቅ ከደበቅሁ ግን ደብዳቤዬ የከሳሽ ጠበቃ ደብዳቤ ይሆናል። ክሳቸውን በእርግጥ የተዉ፣ የተዉትን ደግሞ ለፍርድ ቤት ያልነገሩ ሰዎች አሉ። አንዳንዱ በሽማግሌ ታርቆ፣ ሥጋ ተቆርጦ፣ ተመራርቆ ወደ ቤቱ ይሄዳል፤ መዝገቡን ማንም አያስታውሰውም። ዕርቁን በአንቀጽ 274 እና ተከታዮቹ መሠረት ለፍርድ ቤት አቅርቦ ማስመዝገብ፣ ወይም በአንቀጽ 278 ክሱን ማንሳት ይችል ነበር። ከዚህ የሚከፋው ዕግድ አስወጥቶ የሚጠፋው ነው። ክስ ይመሠርታል፤ ቤቱ እንዳይሸጥ፣ ካርታው እንዳይዛወር፣ መኪናው ስም እንዳይቀየር ያሳግዳል፤ ከዚያ ቀጠሮ ላይ አይታይም። የፈለገው ፍርድ ሳይሆን ዕግዱን ነበር። በመጨረሻ መዝገቡ ሲዘጋ ተከሳሹ «ተገላገልሁ» ብሎ ቤቱን ሊሸጥ ይዞታ አስተዳደር ይሄዳል፤ ዕግዱ በፋይሉ ላይ እንዳለ ቁጭ ብሏል። ለምን ቢባል የመዝጊያው ትእዛዝ ስለ ዕግዱ አንድም ቃል አልተናገረም፤ ማንሻ ደብዳቤም አልተጻፈም። የተዘጋ መዝገብ አስወጥቶ ዕግድ ለማስነሳት የሚደረገው ምልልስ ክሱን ከመከራከር ብዙም አይሻልም። ይህ ሰው ሲቆጣ ልክ ነው። ዋናው ክስ በሌለበት የዕግድ ደብዳቤ ብቻውን ቆሞ የሰው ንብረት የሚያስርበት የሕግ መሠረት አይታየኝም።

እኛ ጠበቆችም ከዚህ ነገር ንጹሕ አይደለንም። በአንድ ጠዋት ሦስት ችሎት ቀጠሮ የሚይዝ ጠበቃ በሁለቱ እንደሚቀር ያውቃል። የሚከፍለው ግን ደንበኛው ነው፤ ደንበኛው ደግሞ «ጠበቃ አለኝ» ብሎ እቤቱ በእምነት ተቀምጧል። ጠበቃው በመቅረቱ ምክንያት መዝገቡ ሲዘጋ ለደንበኛው ቀጥታ የሚደርስ ማስታወቂያ ቢኖር ደንበኛው በወሩ ውስጥ ሌላ ሰው ይፈልግ ነበር። አንዳንድ የሙያ አጋሮቼ ይህን ሐሳብ እንደማይወዱት አውቃለሁ።

ታዲያ ምን ይደረግ ብላችሁ ብትጠይቁኝ፣ ሁሉም በችሎትና በሬጅስትራር ደረጃ የሚሠራ ነው። ዳኛው «ከሳሽ አልቀረበም» የሚለውን ከመጻፉ በፊት መዝገቡን ገልጦ ከሳሹ ይህን ቀን ማወቁን የሚያሳይ ነገር ይፈልግ፤ ፊርማ፣ በችሎት የተነገረ ቀጠሮ፣ የተላከ ማስታወቂያ። ከሌለ መዝገቡ ይቀጠር። ቀጠሮው ክስ ለመስማት ነበር ወይስ ለሌላ ነገር የሚለውም ያው ገጽ ላይ ተጽፎ ይገኛል። ተጠርቶ ያልተገኘውን ከሳሽ ደግሞ ዕለቱ ከማለቁ በፊት አንድ ጊዜ እንደገና ማስጠራት ምን ይጎዳል? ጠዋት በሦስት ሰዓት ተጠርቶ የጠፋ ሰው በአምስት ሰዓት እያለከለከ ሲመጣ «ተዘግቷል» ከማለት፣ ተከሳሹ ሳይሄድ ወጪና ኪሳራውን አስከፍሎ መቀጠል ለሁለቱም ይሻላል።

የመዝጊያው ትእዛዝ ደግሞ አንቀጹን ይጥቀስ። 69 ከሆነ 69፣ 73 ከሆነ 73። በ73 ከሆነ አንዲት ዓረፍተ ነገር ትጨመርበት፦ «ከሳሽ ያልቀረበበት በቂ ምክንያት ካለው ይህ ትእዛዝ ከተሰጠበት ቀን ጀምሮ በአንድ ወር ውስጥ መዝገቡ እንዲከፈት ማመልከት ይችላል።» ኮምፒውተር ላይ አንዴ ከተጻፈች ለሁሉም መዝገብ ትበቃለች። ዕግድ ካለም በዚያው ትእዛዝ ይነሣ፤ ለሚመለከተው መሥሪያ ቤት ደብዳቤው በዚያው ሳምንት ይጻፍ።

ከሁሉም በላይ የምለምነው ማሳወቅን ነው። የክስ ማመልከቻ ላይ የከሳሹ ስልክ ቁጥር አለ። ባንክ ከሂሳቤ መቶ ብር ሲወጣ በደቂቃ ውስጥ መልእክት ይልክልኛል። የሰው ቤትና የሰው ካሳ የሚያሳጣ ትእዛዝ በተሰጠበት ቀን አጭር መልእክት መላክ እንዴት ያቅታል? ሕጉ ወሩን መዝገቡ ከተዘጋበት ቀን መቁጠሩን ሕግ አውጪው እስኪያሻሽለው ድረስ መለወጥ አትችሉም። ከሳሹ ያንኑ ቀን እንዲያውቅ ማድረግ ግን በእጃችሁ ነው።

«በቂ ምክንያት» የሚባለውም ነገር ወጥነት ያስፈልገዋል። ለአንዱ ችሎት የሐኪም ወረቀት ይበቃል፤ ሌላው ወረቀቱ የተኛበትን ሰዓት እንዲገልጽ ይፈልጋል። ለቅሶ ላይ የነበረ ሰው ምን ማስረጃ ያቅርብ? በጸጥታ ምክንያት መንገድ ተዘግቶበት የቀረስ? የአውቶቡስ ቲኬት የለውም፤ አውቶቡስ አልነበረማ። መንገድ መዘጋቱን የወረዳው አስተዳደር በደብዳቤ እንዲያረጋግጥለት ሲጠየቅ ደብዳቤውን ለማምጣት የሚሄድበት ያው የተዘጋው መንገድ ነው። እንዲህ ባለ ጊዜ ቃለ መሃላውን ተቀብሎ ተከሳሹ የሚቃወመው ነገር ካለ እንዲያስረዳ ማድረግ ከሕጉ ጋር አይጋጭም። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 37 ማንኛውም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት የማቅረብና ውሳኔ ወይም ፍርድ የማግኘት መብት እንዳለው ይናገራል። ጥርጣሬ ሲኖር ሚዛኑ ክርክሩ እንዲሰማ ወደማድረግ ቢያጋድል የተከሳሹ ጉዳት በኪሳራ ይካሳል፤ የከሳሹ ግን በምንም አይካስም።

ግልባጩ ለደረሳችሁ ባለጉዳዮች፦ ከእያንዳንዱ ቀጠሮ ስትወጡ ቀኑን ብቻ ሳይሆን ቀጠሮው ለምን እንደተያዘና በየትኛው ችሎት እንደሆነ ጽፋችሁ ያዙ። ጠበቃ ብትቀጥሩም መዝገብ ቁጥራችሁን ራሳችሁ እወቁ፤ ከቀጠሮው ማግሥት ምን ተባለ ብላችሁ ጠይቁ። ከታረቃችሁ ዕርቃችሁን ለችሎቱ አቅርቡ። ቀርታችሁ ከሆነ ደግሞ አትፍሩ፣ አትሸሸጉ፤ በዚያው ሳምንት ሬጅስትራር ሄዳችሁ የትእዛዙን ግልባጭ አውጡ፣ የተዘጋበትን አንቀጽ ተመልከቱ፤ 73 ከሆነ ወሩን ትእዛዙ ከተሰጠበት ቀን አንሥታችሁ ቁጠሩ፣ ማመልከቻችሁን ከቃለ መሃላና ከምታገኙት ማስረጃ ጋር ወሩ ሳይሞላ አስገቡ።

ከአክብሮት ጋር፣
በፍትሐ ብሔር ጉዳዮች የሚሠራ አንድ ጠበቃ